ሥርዓትን የመረመረ ፍቅር፦ የሐዲስ ዓለማየሁ ሕይወት፣ ድርሰትና ቅርስ

ሐዲስ ዓለማየሁ በአማርኛ የረጅም ልብ ወለድ ታሪክ ውስጥ ከፍ ያለውን ስፍራ የያዙ ደራሲ ናቸው። በ1958 ዓ.ም. የታተመው «ፍቅር እስከ መቃብር» ከአንባቢ እጅ ሳይወጣ ትውልድ ተሻግሯል። የዋና ገጸ ባሕርያቱ የበዛብህና የሰብለ ወንጌል ስም መጽሐፉን ባላነበበውም ሰው አፍ ይገኛል፤ «ጉዱ ካሣ» የሚለው መጠሪያም ከልማድ ወጥቶ እውነቱን ለሚናገር ሰው ሁሉ የሚሰጥ ቅጽል ሆኗል። ደራሲው በጎጃም የቅኔ ጉባኤ ያደጉ፣ በሽሬ ግንባር የዘመቱ፣ በጣሊያን ደሴቶች የታሰሩ፣ በአምባሳደርነትና በሚኒስትርነት ያገለገሉ ሰው ነበሩ። የድርሰታቸው ኃይል የሚመነጨውም ከዚሁ ነው፤ ያሳደጋቸውን፣ ያስተማራቸውንና ያገለገሉትን ሥርዓት ከውስጥ ሆነው መረመሩት፣ ፈረዱበትም። በሥርዓቱ ውስጥ የሚኖሩትን ሰዎች ግን፣ ጨቋኞቹን ጨምሮ፣ ሳይጠሏቸው ጻፉላቸው።

ከእንዶዳም እስከ ተፈሪ መኮንን

ሐዲስ ዓለማየሁ በ1902 ዓ.ም. በጎጃም፣ ደብረ ማርቆስ አጠገብ በምትገኘው እንዶዳም ኪዳነ ምሕረት ተወለዱ። አባታቸው ካህን ነበሩ፤ ልጅየው ግን ያደጉት በእናታቸው ወገን ነው። እንደ ዘመኑ የካህን ልጅ ፊደል ቆጥረው፣ ዳዊት ደግመው ወደ ከፍተኛው የቤተ ክርስቲያን ትምህርት ተሻገሩ። በደብረ ኤልያስ፣ በደብረ ወርቅና በዲማ ጊዮርጊስ ዜማና ቅኔ ተማሩ። ሦስቱም በጎጃም ስመ ጥር የትምህርት ደብሮች ናቸው።

ከዚያ በኋላ ጉዟቸው ወደ አዲስ አበባ ሆነ። በስዊድን ሚሲዮን ትምህርት ቤት፣ ቀጥሎም በ1917 ዓ.ም. በተከፈተው የተፈሪ መኮንን ትምህርት ቤት ዘመናዊ ትምህርት ቀሰሙ። በአንድ ሰው ውስጥ ሁለት ትምህርት ተገናኘ፤ አንደኛው ሰምና ወርቅ እየፈተለ ቃልን በሁለት ትርጉም መሸመን ያስተምራል፣ ሁለተኛው ዓለምን በካርታና በቁጥር ያሳያል። የኋለኛው ድርሰታቸው ሁለቱንም ይጠቀማል። የገጸ ባሕርያቱ ንግግር ቅኔ አዋቂ የጻፈው መሆኑ ያስታውቃል፤ የታሪኩ አወቃቀር ደግሞ የአውሮፓን ረጅም ልብ ወለድ ጠንቅቆ ያወቀ ሰው ሥራ ነው።

የቆሎ ተማሪው ዓለም

የልብ ወለዱን ዋና ሰው በዛብህን ለመረዳት በመጀመሪያ የወጣበትን ትምህርት ቤት ማወቅ ያስፈልጋል። የቆሎ ተማሪ ደበሎ ለብሶ፣ አኮፋዳውን በትከሻው አንግቶ፣ ለውሻ መከላከያ ዱላ ይዞ ከደብር ደብር የሚዞር ልጅ ነው። ማለዳ «በእንተ ስማ ለማርያም» እያለ ከደጃፍ ደጃፍ ቁራሽ ይለምናል፤ ያገኘውን ከጓደኞቹ ጋር ተካፍሎ ይበላል። ቀን ከየኔታ እግር ሥር ተቀምጦ ይሰማል፣ ይደግማል፤ ማታ በጠባብ ጎጆ ውስጥ ያጠናል። ቅኔ ቤት ሲደርስ ከጉባኤ ቃና ይጀምርና ደረጃ በደረጃ ወደ ረጃጅሞቹ የቅኔ ዓይነቶች ይወጣል። ቅኔውን ዘርፎ ለመምህሩ ያቀርባል፤ መምህሩ ያርሙታል፣ ይነቅፉታል፣ ሲያምርላቸውም ይመርቁታል።

ይህ ሕይወት የጎጃም ብቻ አይደለም። በቅኔ ትምህርት ስማቸው ከሚጠራው ሦስት ቤቶች ዋሸራና ጎንጅ በጎጃም ሲሆኑ፣ ሦስተኛው ዋድላ ከላስታ ጋር በሚዋሰነው የሰሜን ወሎ ደጋ ይገኛል። ከላስታ የተነሣ ተማሪ ዓባይን ተሻግሮ ጎጃም ይገባል፤ የጎጃሙም ወደ ዋድላና ወደ ጋይንት ይመጣል። በላሊበላ የገና ዕለት ካህናትና ደብተራዎች በቤተ ማርያም ዙሪያ ባለው የዓለት ጠርዝ ላይ ተሰልፈው፣ ገሚሶቹም ከታች ሆነው «ቤዛ ኩሉ»ን ሲያሸበሽቡ የሚሰማው ዜማ በእንዲህ ዓይነት ጎጆዎች በልመና እህል የተጠና ነው። አንድ ደብተራ ከዓመታት ረኀብና ጥናት በኋላ ድምፁና ዕውቀቱ ያስከብሩታል፤ ሀብትና ሥልጣን ግን በዘር ይወረሱ ስለነበር የትምህርቱ ክብር ከባላባት እልፍኝ ደፍ ላይ ይቆም ነበር። የ«ፍቅር እስከ መቃብር» ታሪክ የሚወለደው በዚህች ደፍ ላይ ነው።

ሽሬ፣ ጎጀብ፣ ፖንዛ

ሐዲስ ወደ ጎጃም ተመልሰው ሲሠሩ ሳሉ ጣሊያን ኢትዮጵያን ወረረ። የጎጃሙ ገዥ ልዑል ራስ እምሩ ኃይለ ሥላሴ ሠራዊታቸውን ወደ ሽሬ ግንባር ሲያዘምቱ ሐዲስም አብረው ዘመቱ። በታኅሣሥ 1928 ዓ.ም. ከላስታ ተራሮች በሚነሣው የተከዜ ወንዝ ሸለቆ የጣሊያን አውሮፕላኖች በእምሩ ሠራዊት ላይ የመርዝ ጋዝ አፈሰሱ፤ ወታደሩ እጅና እግሩ እየተላጠ፣ ዓይኑ እየታወረ ወደቀ። በየካቲት መጨረሻ የሽሬ ጦርነት በሽንፈት ተደመደመ።

ራስ እምሩ የተረፈውን ጦር ይዘው በጎጃም አልፈው ወደ ምዕራብ ኢትዮጵያ ሄዱ። እዚያም ከሆለታ ጦር ትምህርት ቤት የወጡ ወጣት መኮንኖች የነበሩበት የጥቁር አንበሳ ጦር ከእርሳቸው ጋር ተባበረ። በታኅሣሥ 1929 ዓ.ም. ጠላት በጎጀብ ወንዝ አጠገብ ከበባቸውና እጃቸውን ሰጡ፤ ሐዲስ ዓለማየሁም ከተማረኩት መካከል ነበሩ። ወደ ጣሊያን ተወስደው በፖንዛ ደሴት፣ በኋላም በሊፓሪ ደሴት ታሰሩ። በታሪክ ፍርድ የወረራው አዛዥ ቤኒቶ ሙሶሊኒም በሐምሌ 1935 ዓ.ም. ከሥልጣን ሲወርድ በዚያችው በፖንዛ ለጥቂት ቀናት በእስር ተቀምጧል። ኢትዮጵያዊው እስረኛ ነፃነታቸውን ያገኙት የተባባሪዎቹ ኃይላት ደቡብ ጣሊያን ከደረሱ በኋላ ነው።

የጦርነቱና የእስሩ ዘመን ለሐዲስ ሁለት ነገር አስተማረ። የመጀመሪያው ሀገር የምትድነው ገበሬውና ተራው ሰው የኔ ብሎ ሲሞትላት መሆኑን ነው። ሁለተኛው የአውሮፓን ኑሮና አስተሳሰብ፣ በእስረኛ ዓይንም ቢሆን፣ ከቅርብ ማየት ነው። ይህን ዘመን በ1985 ዓ.ም. ባሳተሙት «ትዝታ» በተሰኘው መጽሐፋቸው ተርከውታል።

ዲፕሎማቱና ሚኒስትሩ

ከነፃነት በኋላ ሐዲስ ወደ ውጭ ጉዳይ ሥራ ገቡ። በኢየሩሳሌም በቆንስልነት፣ በዋሽንግተን በሚገኘው የኢትዮጵያ ሌጋሲዮን፣ በተባበሩት መንግሥታት ድርጅት በኢትዮጵያ መልእክተኛነት ሠርተዋል። በውጭ ጉዳይ ሚኒስቴር ከፍተኛ ሥልጣን ይዘዋል፤ የትምህርት ሚኒስትር፣ በለንደን አምባሳደር፣ የልማትና ፕላን ሚኒስትር ሆነዋል። በኋላም የሕግ መወሰኛ ምክር ቤት አባል ነበሩ። ባለቤታቸው ወይዘሮ ክበበ ፀሐይ በላይ ቀድመዋቸው ዐርፈዋል፤ ልጅ አልነበራቸውም።

የመንግሥት ሥራው ብዕራቸውን አላስጣላቸውም። በ1948 ዓ.ም. «ተረት ተረት የመሠረት» የተባለ የተረት መጽሐፍ አሳትመዋል። ሕፃናት በምድጃ ዙሪያ የሚሰሙትን ተረት ወደ መጽሐፍ ማምጣታቸው ትምህርትን ከቤተሰብ ቋንቋ ለመጀመር ያላቸውን እምነት ያሳያል። ትልቁ ሥራቸው የታተመው ከለንደን አምባሳደርነት በተመለሱ ሰሞን ነው።

«ፍቅር እስከ መቃብር»

ከዚህ መጽሐፍ በፊት የአማርኛ ልብ ወለድ ግማሽ ምዕተ ዓመት የተሻገረ ታሪክ ነበረው። አፈወርቅ ገብረ ኢየሱስ በ1900 ዓ.ም. በሮም ያሳተሙት «ልብ ወለድ ታሪክ» ፈር ቀደደ፤ ኅሩይ ወልደ ሥላሴ «አዲስ ዓለም»ን፣ ግርማቸው ተክለ ሐዋርያት «አርአያ»ን ጻፉ። እነዚህ ሥራዎች አንባቢን ለማስተማር ስለሚቸኩሉ ገጸ ባሕርያቱ ብዙ ጊዜ የደራሲው አሳብ ተሸካሚዎች ናቸው። ሐዲስ ከአምስት መቶ ገጽ በላይ በሆነው ልብ ወለዳቸው ሰዎቹን ከነሥጋቸው አቆሟቸው። እንደ ሰው ይፈራሉ፣ ይሳሳታሉ፣ ይቀልዳሉ፣ አሳባቸውንም ይለውጣሉ።

ታሪኩ የሚጀምረው ማንኩሳ በምትባል መንደር ነው። ቦጋለ መብራቱ የተባለ ምስኪን ሠራተኛና ውድነሽ በጣሙ የምትባል ባለሀብት ሴት ይጋባሉ፤ በእርጅናቸው ዋዜማ ወንድ ልጅ ይወልዳሉ። ልጁ ታሞ ሊሞት ሲደርስ እናቱ ከተረፈላት ለቤተ ክርስቲያን ልትሰጠው ትሳላለች። በዛብህ ይድናል። ስእለቱ ግን ከእርሱ ጋር ያድጋል፤ በዜማና በቅኔ ተራቅቆ፣ ድምፁ ሰውን የሚያስለቅስ መምህር ሲሆንም ሚስት ማግባት ለእርሱ እግዚአብሔርን መካድ ሆኖ ይታየዋል።

በሌላው ወገን ፊታውራሪ መሸሻ አሉ። ዘራቸውን የሚያመልኩ፣ ገባሮቻቸውን እንደ ንብረት የሚቆጥሩ ባላባት ናቸው። አንዲት ልጃቸውን ሰብለ ወንጌልን የጠየቋት ሁሉ በዘር አልመጥን ብለዋቸው ተመልሰዋል፤ ልጅቱም ዕድሜዋ ያለ ትዳር ይነጉዳል። ማንበብና መጻፍ እንድትማር በዛብህ በአስተማሪነት ወደ ግቢው ይገባል። በትምህርቱ ገበታ ላይ የሚሆነው ነገር በአማርኛ ሥነ ጽሑፍ ውስጥ በትዕግሥት ከተጻፉት ትዕይንቶች አንዱ ነው፤ ሁለቱ ሰዎች ሳይናገሩ ይተያያሉ፣ ከተናገሩም በኋላ የተናገሩትን ለማስተባበል ይሞክራሉ። እርሱን ስእለቱ፣ እርሷን የአባቷ የዘር ኩራት አስሯቸዋል። ሐዲስ ፍቅራቸውን የሚያሳድጉት በእነዚህ ሁለት ግድግዳዎች መካከል ነው፤ አንባቢም ግድግዳዎቹን የሚያውቃቸው ፍቅሩ ሲጋጫቸው ነው።

ይህን ፍቅር የሚረዳላቸው የፊታውራሪ ዘመድ ካሣ ዳምጤ ነው። ሕዝቡ «ጉዱ ካሣ» ብሎ የሚጠራው ልማዱን ሁሉ «ለምን?» ብሎ ስለሚጠይቅ ነው። ሰዎች እብድ ይሉታል፤ በመጽሐፉ ውስጥ ግን በንጹሕ አእምሮ የሚያስበው እርሱ ነው። አንድ ሥርዓት ከዘመኑ ጋር ካልታደሰ በገዛ ክብደቱ እንደሚወድቅ፣ ሲወድቅም ጥሩውን ከመጥፎው ሳይለይ እንደሚጨፈልቅ ያስጠነቅቃል።

የፍቅር ታሪኩን የሚያጅበው የገባሮቹ ዐመፅ ነው። ፊታውራሪ ከተለመደው ግብር በላይ ሲጠይቁ ገበሬዎቹ በአበጀ በለው መሪነት እምቢ ይላሉ። ፊታውራሪ በገዛ ገባሮቻቸው ላይ ይዘምታሉ፤ ተሸንፈው በእነዚያው ገባሮች እጅ ይወድቃሉ። ትዕይንቱ አስቂኝም አሳዛኝም ነው፤ ኩራታቸው እየተገፈፈ የመጣው ሽማግሌ በመጨረሻ ሊታዘንላቸው የሚገባ ሰው ሆነው ይታያሉ።

ፍቅሩ ሲታወቅ በዛብህ ሕይወቱን ለማትረፍ ወደ አዲስ አበባ ይሸሻል። ሰብለ ወንጌል የባላባት ልጅነቷን ትታ፣ የወንድ መነኩሴ ልብስ ለብሳ በእግሯ ትከተለዋለች። ስታገኘው ሽፍቶች ደብድበውት በሞት አፋፍ ላይ ነው። እርሱ ሲሞት ትመነኩሳለች፤ መቃብራቸውም አንድ ይሆናል። በሕይወት ያልተፈቀደላቸውን አንድነት የሰጣቸው ሞት ብቻ መሆኑ በሥርዓቱ ላይ የተሰጠ ከባድ ፍርድ ነው።

ርስት፣ ጉልትና ሩሲያ

የፊታውራሪ መሸሻና የገባሮቻቸው ግጭት የሚገባው የሰሜን ደጋ የመሬት ሥርዓት ሲታወቅ ነው። በጎጃምም ሆነ በላስታ ገበሬው ከአያቶቹ በወረደለት ርስት ያርስ ነበር። ጉልት ደግሞ ለመኳንንት ወይም ለቤተ ክርስቲያን የሚሰጥ መብት ነበር፤ ባለ ጉልቱ ከዚያ መሬት ግብርና አገልግሎት ይቀበል ነበር። ገበሬው ከእህሉ ያስገባ፣ የጌታውን መሬት ያርስ፣ አጥር ያጥር፣ እንጨት ይሸከም፣ በበዓል መተያያ ያቀርብ ነበር። ዳኝነቱም በባለ ጉልቱ እጅ ስለነበር ተበደልኩ የሚል ገበሬ አቤት የሚለው ለበዳዩ ነበር። ሐዲስ ልብ ወለዱን የገነቡት በዚህ እውነት ላይ ነው።

ከልብ ወለድ ታላላቅ ባህሎች ለዚህ ቅርብ የሆነው የአሥራ ዘጠነኛው ክፍለ ዘመን የሩሲያ ባህል ነው። ሩሲያ ውስጥ ጭሰኛው ከመሬቱ ጋር ይሸጥ ይለወጥ ነበር። ጎጎል እ.ኤ.አ. በ1842 ባሳተመው «የሞቱ ነፍሳት» የባለ መሬቶቹን ባዶነት አጋለጠ፤ ቱርጌኔቭ እ.ኤ.አ. በ1852 በወጡት የአዳኝ ትረካዎቹ ጭሰኛው አእምሮና ልብ ያለው ሰው መሆኑን ለመኳንንቱ አሳየ። ነፃነት የታወጀው እ.ኤ.አ. በ1861 ነው። ሌቭ ቶልስቶይ ራሱ የመኳንንት ወገንና ባለ ርስት ሆኖ በክራይሚያ ጦርነት በሴባስቶፖል ተዋጋ፣ በመንደሩ በያስናያ ፖልያና ለገበሬ ልጆች ትምህርት ቤት ከፈተ፣ የፊደል ማስተማሪያም ጻፈላቸው፤ «ጦርነትና ሰላም»ንና «አና ካሬኒና»ንም የጻፈው ይኸው ሰው ነው። ያረፈው ሐዲስ ገና ሕፃን ሳሉ ነው።

በሁለቱ መካከል ያለው ተመሳሳይነት ግልጽ ነው። ሁለቱም በጦር ሜዳ ያለፉ፣ ለሕፃናት የጻፉ፣ ከሚተቹት መደብ ማዕድ የተቀመጡ ደራስያን ናቸው። ሁለቱም የማኅበራዊ ሥርዓትን ክፋት የሚለኩት በአንድ ሴት ዕጣ ነው፤ አና ካሬኒናን የከተማው መኳንንት ሕግ፣ ሰብለ ወንጌልን የአባቷ የዘር ቆጠራ ይገድላቸዋል። ልዩነታቸው ሐዲስ እንዲህ የዳበረ የልብ ወለድ ባህል አለመውረሳቸው ነው። ቶልስቶይ ከፑሽኪንና ከጎጎል በኋላ መጣ፤ ሐዲስ ግን ለገጸ ባሕርይ ውስጣዊ ኑሮ የሚሆን የአማርኛ ስድ ንባብ በአብዛኛው ራሳቸው ማበጀት ነበረባቸው። የጎጃምን የገበሬ ንግግር፣ የደብተራን ፈሊጥ፣ የሙሾንና የቀረርቶን ቃና ወደ ልብ ወለድ ትረካ ማስገባታቸው ዘላቂ ስጦታ ሆኗል።

በአጻጻፍም ለውጥ ሞክረዋል። አንድ ድምፅ ያላቸው ሞክሼ ፊደላት፣ እንደ «ሀ»፣ «ሐ»ና «ኀ» ወይም «ሰ»ና «ሠ» ያሉት፣ ተማሪን ያለ ጥቅም ያደክማሉ ብለው አመኑ፤ በመግቢያቸው ምክንያቱን አስረድተው መጽሐፉን በተቀነሰ ፊደል አሳተሙ። አጠቃቀሙ በሰፊው ባይለመድም በአማርኛ አጻጻፍ ላይ ለሚደረገው ክርክር ተግባራዊ ምሳሌ ሆኖ ቆይቷል።

ማስጠንቀቂያውና ዘመኑ

መጽሐፉ የወጣበት ጊዜ ትርጉም አለው። በየካቲት 1957 ዓ.ም. የዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች «መሬት ለአራሹ» ብለው በአዲስ አበባ ተሰለፉ፤ ልብ ወለዱ በተከታዩ ዓመት ታተመ። ተማሪዎቹ በመፈክር የጠየቁትን አንድ የመንግሥት ባለ ሥልጣን በታሪክ መልክ አቀረቡት። አብዛኛው የተማረ አንባቢ የገባር ወይም የባላባት ልጅ፣ የልጅ ልጅ ነበር፤ በመጽሐፉም የገዛ ቤተሰቡን አገኘ።

ሥርዓቱ ግን ሳይታደስ ቀረ። በ1965 እና በ1966 ዓ.ም. በወሎ ረኀብ ገባ። የላስታ፣ የዋግና የራያ ገበሬዎች ከብታቸው አልቆ፣ የዘር እህላቸውን በልተው ወደ አውራ ጎዳናው ወረዱ፤ ብዙዎች በመንገድ ዳር ሞቱ። መንግሥት እልቂቱን ሸሸገ፤ በጥቅምት 1966 ዓ.ም. በእንግሊዝ ቴሌቪዥን የታየው የጆናታን ዲምቢልቢ ፊልም ለዓለም ገለጠው። በዚያው ዓመት አብዮቱ ፈነዳ፤ የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የገጠር መሬት የሕዝብ ሀብት መሆኑ ታወጀ። ጉዱ ካሣ የተናገረው የሥርዓት መውደቅ ከስምንት ዓመት በኋላ በእውን ደረሰ፤ ብዙ ንጹሐንንም ይዞ ወደቀ።

ሐዲስ በዚያ ሰሞን «ኢትዮጵያ ምን ዓይነት አስተዳደር ያስፈልጋታል?» የሚል መጽሐፍ አሳትመው ለውጥ በሕግና በውይይት እንዲመጣ ያላቸውን አሳብ አቀረቡ። ለጠቅላይ ሚኒስትርነት ተጠይቀው እንዳልተቀበሉ ይነገራል። ከዚያ በኋላ ዘመናቸውን ለብዕር ሰጡ፤ «ወንጀለኛው ዳኛ» በ1974 ዓ.ም.፣ «የልምዣት» በ1980 ዓ.ም. ታተሙ። «ወንጀለኛው ዳኛ» ከርዕሱ ጀምሮ የሚያነሣው በ«ፍቅር እስከ መቃብር» የተጀመረውን ጥያቄ ነው፤ ፈራጁ ራሱ በዳይ ሲሆን ፍትሕ ከየት ይመጣል?

ከገጽ ወደ ድምፅ

«ፍቅር እስከ መቃብር»ን ማንበብ ለማይችለው ሕዝብ ያደረሰው ሬዲዮ ነው። ተዋናዩ ወጋየሁ ንጋቱ በኢትዮጵያ ሬዲዮ «ከመጻሕፍት ዓለም» ዝግጅት በተከታታይ ተረከው። የፊታውራሪን ግሳጼ፣ የሰብለን ለስላሳ ንግግር፣ የጉዱ ካሣን ምሬት በአንድ ጉሮሮ እየለዋወጠ አሰማ። ሬዲዮ ባለበት ቤት ጎረቤት ይሰበሰብ ነበር፤ ፊደል ያልቆጠሩ እናቶችና አባቶች የበዛብህን ሞት ሰምተው አለቀሱ። በቃል ትምህርትና በቃል ተረት ላደገ ሕዝብ የተጻፈ ረጅም ልብ ወለድ በቃል ተመለሰለት፤ ተወዳጅነቱ ከከተማ አንባቢ አልፎ ወደ ገጠር የተስፋፋውም በዚህ መንገድ ነው።

ቅርሱ

የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ሐዲስ ዓለማየሁን የክብር ዶክትሬት ሰጥቷቸዋል። በኅዳር 1996 ዓ.ም. በአዲስ አበባ ዐረፉ። ደብረ ማርቆስ ዩኒቨርሲቲ በስማቸው የባህል ጥናት ተቋም አቋቁሟል፤ ልብ ወለዳቸው ወደ እንግሊዝኛ ተተርጉሟል፣ በቴሌቪዥን ተከታታይ ድራማም ቀርቧል። በትምህርት ቤትና በዩኒቨርሲቲ የአማርኛ ሥነ ጽሑፍ ያለ እርሳቸው አይሰጥም።

ከሁሉ የሚበልጠው ቅርስ ግን የአስተያየት መንገዳቸው ነው። ከሐዲስ በኋላ የመጡት ደራስያን ስለ ሥልጣን፣ ስለ ከተማና ስለ አብዮት ሲጽፉ አንድ የተረጋገጠ ነገር ከእርሳቸው ተቀብለዋል፤ የኢትዮጵያ ገበሬ፣ ደብተራና የቤት ልጅ የረጅም ልብ ወለድ ዋና ሰዎች ሊሆኑ ይችላሉ፤ የልባቸው ነገር የሀገር ጉዳይ ነው። በላስታ ደጋ የሚያርስ ገበሬም ሆነ በላሊበላ ቅኔ የሚቀኝ ተማሪ በዚህ መጽሐፍ ውስጥ የራሱን ኑሮ በክብር ተጽፎ ያገኘዋል። ሐዲስ ዓለማየሁ ልማድን የመረመሩት ሕዝቡን ስለወደዱ ነው፤ ሕዝብን ወድዶ ልማዱን መመርመር ለአማርኛ ደራስያን ያወረሱት ሥራ ነው።